ከዋሻው እስከ መስታወቱ፦ የናራያና ጉሩ ሕይወትና መንፈሳዊ ጉዞ

(በአዲስ አበባ በአንድ የንባብ ክበብ ስብሰባ ላይ የቀረበ ንግግር። ከቃል ወደ ጽሑፍ ሲመለስ የተደረገበት ማስተካከያ ጥቂት ነው።)

ክቡራንና ክቡራት፣ እናቶቼና አባቶቼ፣ ወጣት አንባቢዎች፣ እንደምን አመሻችሁ? ቀኑን ሙሉ ሥራ ላይ ውላችሁ፣ ትራንስፖርት ተጋፍታችሁ ይህን አዳራሽ ስለሞላችሁት እግዚአብሔር ያክብርልኝ። ከኋላ የቆማችሁ ልጆች ወደ ፊት ኑ፤ እዚህ በቀኝ በኩል ክፍት ወንበር አለ።

ዛሬ የማወራችሁ ስለ አንድ የህንድ ጉሩ፣ ማለትም ስለ አንድ መንፈሳዊ መምህር ነው። አስቀድሜ አንድ ነገር ግልጽ ላድርግ፤ እኔ ሂንዱ አይደለሁም፣ የማንንም ሃይማኖት ልሰብክም አልቆምኩም። የቆምኩት አምላክን ፍለጋ ተራራ ላይ የወጣ ሰው ያገኘውን ይዞ ወደ ሰው ሲመለስ ምን እንደሚሆን ለመናገር ነው። ይህ ጥያቄ የሂንዱም፣ የክርስቲያንም፣ የሙስሊምም ጥያቄ ይመስለኛል። ሰውየው ናራያና ጉሩ ይባላሉ። ሦስት ነገር እናገራለሁ፦ መጀመሪያ ስለ ተወለዱበት ዓለም፣ ቀጥሎ ስለ ዋሻው፣ በመጨረሻ ከዋሻው ወጥተው ስላቆሟቸው ነገሮች። ዓመቶቹን በአውሮፓውያን አቆጣጠር እጠራለሁ።

እንግዲህ ወደ መጀመሪያው ልግባ። አገሩ ኬረላ ነው፤ የህንድ ደቡብ ምዕራብ ጫፍ፣ ባሕርና ኮኮናት የበዛበት ምድር። ከእኛ ቤተ ክርስቲያን ጋር በእምነት አንድ የሆነችው የህንድ ኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያንም መንበሯ እዚያው፣ ኮታያም ውስጥ ነው። ናራያና በተወለዱበት በ1850ዎቹ አጋማሽ ግን የኬረላ ደቡብ ትራቫንኮር የሚባል የራሱ ማሃራጃ፣ ማለትም ንጉሥ፣ ያለው ግዛት ነበር። በዚያ ግዛት ሰው ከሰው የሚለየው በርቀት ነው። ርቀት ስላችሁ በምሳሌ አይደለም። በእርምጃ የሚቆጠር ርቀት ነው! ከላይ ናምቡዲሪ የሚባሉት ብራህሚኖች፣ የካህናቱ ወገን፣ አሉ። ከእነርሱ በታች ናየሮች፣ ከዚያ ኢዛቫዎች፣ ከዚያም በሰው እርሻ ላይ እንደ ባሪያ የሚለፉት ፑላያዎችና ፓራያዎች አሉ። ዝቅ ያለው ወገን ወደ ከፍተኛው ምን ያህል መቅረብ እንደሚችል ልክ ተበጅቶለታል። በሌላው የህንድ ክፍል መንካት ያረክሳል ይባል ነበር፤ በኬረላ መቅረብም ያረክሳል። እጅግ ዝቅ ተደርገው የሚቆጠሩትን ደግሞ ማየት እንኳ ያረክሳል ተብሎ ይታመን ነበር።

ናራያና ኢዛቫ ናቸው። ኢዛቫዎች ብዙዎቹ የኮኮናት ዘንባባ ላይ ወጥተው የሚያሰክረውን ፈሳሽ የሚቀዱ፣ የኮኮናት ቃጫ የሚፈትሉ፣ መሬት የሚያርሱ ሰዎች ነበሩ። በመካከላቸው ግን የባህል ሐኪሞችና የጥንቱን የሃይማኖት መጻሕፍት ቋንቋ ሳንስክሪትን የሚያውቁ ሊቃውንት አልጠፉም። ዕውቀቱ አለ፤ በሩ ግን ዝግ ነው። ዶክተር ፓልፑ የሚባል የዚህ ወገን ሰው ማድራስ ሄዶ ሕክምና ተምሮ ተመረቀ። ወደ ትራቫንኮር ተመልሶ የመንግሥት ሥራ ቢጠይቅ በዘሩ ምክንያት ከለከሉት። ሚሶር ወደሚባል ሌላ ግዛት ሄዶ ሐኪም ሆኖ አገለገለ። በ1896 ከ13,000 በላይ ሰዎች የፈረሙበትን አቤቱታ ለማሃራጃው አቀረበ፤ ልጆቻችን መንግሥት ትምህርት ቤት ይግቡ፣ ሥራ ይቀጠሩ የሚል ነው። ሰሚ አላገኘም።

ወገኖቼ፣ ይህን ስነግራችሁ «የሰው አገር ነገር» ብላችሁ የተቀመጣችሁ አላችሁ? እኔ ባደግሁበት ከተማ ገበያ ሸክላ ሠሪዎቹ የሚቀመጡት ከሁሉም ዳር፣ ከከብት ተራው አጠገብ ነበር። አንዲት ሴት ጀበናና ድስት ይዛ ትመጣለች። የሰፈራችን ሴቶች ተከራክረው፣ ድስቱን በጣታቸው አንኳኩተው፣ ድምፁን ሰምተው ይገዛሉ። ገንዘቡን ሲከፍሉ ግን እጇ ላይ አያኖሩትም፤ መሬት ላይ ያስቀምጡላታል፣ ጎንበስ ብላ ታነሳለች። በድስቷ የተሠራውን ወጥ እንበላለን፤ እጇን ግን አንነካም! ዐፄ ምኒልክ የእጅ ባለሙያን በሥራው የሚሰድብ ሰው እንዲቀጣ አዋጅ አስነግረው ነበር። አዋጁ ተነግሮ ስንት ዘመን አለፈ? ያቺ ሴት ግን በእኔ ዕድሜ ጎንበስ ብላ ሳንቲም ስታነሳ አይቻለሁ። ስለዚህ ስለ ኬረላ ስናወራ ቀና ብለን ከላይ ወደ ታች አንመልከት።

ወደ ሰውየው ልመለስ። ከትሪቫንድረም ከተማ አቅራቢያ ቼምፓዛንቲ በሚባል መንደር ተወለደ። የቤት ስሙ ናኑ ነው። አባቱ መምህር ነበሩ፤ ማታ ማታ ለመንደሩ ሰው የሂንዱዎቹን ጀግና የራማን ታሪክ ያነብቡ ነበር። አጎቱ የባህል ሐኪም ነበሩ። ስለ ልጅነቱ ከሚተረኩት ሁለቱን ብቻ ልንገራችሁ። ለአማልክት መሥዋዕት ተብሎ የተዘጋጀውን ፍራፍሬና ጣፋጭ ሰርቆ ይበላል። ሲቆጡት «እኔ ደስ ካለኝ እነርሱም ደስ ይላቸዋል» ይላል። ሁለተኛው፦ አንድ ቀን በአንድ የፑላያ ጎጆ ደጅ ሲያልፍ ሩዝ የተጣደበት ድስት ገንፍሎ ሲፈስስ ያያል። ባለቤቶቹ የሉም። ገብቶ ድስቱን ያወርደዋል። «እንዴት እዚያ ቤት ትገባለህ?» ብለው ገሠጹት። የጎጆው ባለቤቶች ግን ጦማቸውን እንዳያድሩ ነበር የልጁ ሐሳብ። ከእነዚህ ሁለት ታሪኮች ሌላ ምንም ባይተርፍልን እንኳ የሰውየውን የኋላ ዘመን ማወቅ የምንችል ይመስለኛል።

ወጣት ሲሆን ራቅ ወዳለ ቦታ ሄዶ ራማን ፒላይ ከተባሉ መምህር ሳንስክሪት ተማረ። ተመልሶም የመንደሩን ልጆች አስተማረ፤ በዚህ ምክንያት ሰዉ ናኑ አሳን፣ መምህር ናኑ ይለው ጀመር። ቤተሰቦቹ ሚስት አጋቡት። ትዳሩ ግን ትዳር አልሆነም፤ ልቡ ሌላ ቦታ ነበረ። ብዙም ሳይቆይ ከቤት ወጣ።

አሁን ሁለተኛው ነጥብ ላይ ደርሰናል፣ ዋሻው ላይ። ከቤት የወጣው ናኑ በየመንገዱ ተንከራተተ። ከዓሣ አጥማጆች ጋር በላ፣ በሙስሊሞች ቤት አደረ፣ ከክርስቲያኖች ጋር ተቀመጠ። በዚህ ጊዜ ከአንድ የናየር ወገን ከሆነ ፈላጊ ጋር ተዋወቀ፤ ኋላ ቻታምቢ ስዋሚ ተብለው የታወቁት ናቸው። እስቲ አስቡት፣ ናየርና ኢዛቫ እኩል ጓደኛ ሆነው አብረው ሲሄዱ! ሁለቱም ታይካድ አያቩ ከተባሉ መምህር ዘንድ ዮጋ ተማሩ። ከዚያ ናኑ ብቻውን ወደ ደቡብ፣ የህንድ ምድር የሚያልቅበት አካባቢ ሄደ። እዚያ ማሩትዋ የሚባል ተራራ አለ። ከላይ አለታማ ዋሻ አለ፤ ከዋሻው አፍ ላይ ሆናችሁ ስትመለከቱ ባሕሩ ይታያል። በዚያ ዋሻ ቅጠላ ቅጠል እየበላ፣ እየጸለየ፣ ዝም ብሎ እየተቀመጠ ዓመታት አሳለፈ።

በዋሻው ውስጥ ምን አየ? ይህን የሚነግረን ሰው የለም። እርሱም በዝርዝር አልተናገረም። ኋላ በ1897 በማላያላም ቋንቋ ከደረሳቸው መቶ አንቀጾች ግን ፍሬ ነገሩን መረዳት ይቻላል። በእኔ ውስጥ «እኔ» የሚለውና በአንተ ውስጥ «እኔ» የሚለው አንድ ነው፤ ስለዚህ ለራሴ ደስታ ብዬ የማደርገው ነገር ለሌላውም ደስታ የሚሆን መሆን አለበት ይላሉ። ይህ በሂንዱ ሊቃውንት ዘንድ አድቫይታ የሚባለው የቆየ ትምህርት ነው፤ ሁለትነት የለም የሚል ትምህርት። እዚህ ላይ ጆሯችሁን አውሱኝ። ይህን ትምህርት በኬረላ ከማንም በላይ የሚያውቁት ብራህሚኖቹ ነበሩ! ትምህርቱን በሚገባ የጻፈው ሻንካራ ራሱ የኬረላ ሰው፣ የናምቡዲሪ ልጅ ነው። ከሺህ ዓመት በላይ «ሁሉም አንድ ነው» እያሉ ሲያነብቡ ኖሩ፤ ከቤተ መቅደሱ ሲወጡ ደግሞ «ራቅ በል!» እያሉ መንገድ አስለቀቁ። ናራያና የጨመሩት አዲስ ቃል የለም። ቃሉን አመኑት። ሙሉ በሙሉ አመኑት። ልዩነቱ ይኸው ነው።

ከዋሻው ከወጡ በኋላ ነይያር በሚባል ወንዝ ዳር፣ አሩቪፑራም በተባለ ጫካ ቦታ ተቀመጡ። ሰው ሰማ፤ የታመመውም የተራበውም የከፋውም ይመጣ ጀመር። በ1888 የሺቫራትሪ በዓል ሌሊት ሆነ፤ ሺቫ ለሚባለው የሂንዱ አምላክ የሚከበር በዓል ነው። ሰዉ በወንዙ ዳር ተሰብስቧል፣ መብራት በርቷል፣ ይዘመራል። ጉሩ ወደ ወንዙ ጥልቅ ውስጥ ጠልቀው አንድ ድንጋይ ይዘው ወጡ። ድንጋዩን ደረታቸው ላይ አቅፈው፣ ዓይናቸው እንባ እያፈሰሰ ለረጅም ሰዓት ቆሙ ይባላል። ከዚያ ወንዙ ዳር ባለ አለት ላይ የሺቫ ምልክት አድርገው አቆሙት። ሕንጻ የለም፣ ጣሪያው የቅጠል ዳስ ነው።

አንድ ድንጋይ አለት ላይ ማቆም ምን ያስደንቃል ትሉ ይሆናል። በእኛ ሥርዓት ጳጳስ ያልባረከውን ታቦት ማንም ተራ ሰው ልትከል ብሎ ቢነሳ ምን እንደሚባል አስቡ፤ ለክህነት ሥርዓቱ ብቻ ነው የማነጻጽረው። በዚያ አገር የአምላክን ምስል ማቆም የሚችለው ብራህሚን ብቻ ነው። ኢዛቫማ ወደ ዋናው ቤተ መቅደስ ግቢ እንኳ አይገባም። ብራህሚኖቹ መጥተው በምን ሥልጣን እንዳደረጉት ጠየቁ። መልሳቸው በመላው ኬረላ ይታወቃል፦ እኔ ያቆምኩት የእናንተን ሺቫ አይደለም፣ የእኛን ሺቫ ነው አሏቸው። አልጮኹም፣ አልተሳደቡም። በስፍራው ላይ ያስጻፉትን ደግሞ ስሙት፦ የዘር ልዩነትና የሃይማኖት ጥላቻ ሳይኖር ሁሉም በወንድማማችነት የሚኖርበት አርአያ ስፍራ ይህ ነው። «የኢዛቫ ቤተ መቅደስ» አይልም። ሁሉም ነው የሚለው!

ሦስተኛው ነጥቤ የሚጀምረው እዚህ ነው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ጉሩ በየአካባቢው ብዙ ቤተ መቅደሶች አቆሙ። ደም የሚፈስስባቸውንና መጠጥ የሚቀርብባቸውን የመንፈስ አምልኮዎች አስቀሩ። ይህን የሚነቅፉ አሉ፤ የድሃውን አምልኮ አንሥተው የትልልቆቹን አምላክ አመጡለት ይላሉ። ነቀፌታው መሠረት የለውም አልልም። እኔ ግን የምመለከተው ከዚያ በኋላ የሄዱበትን መንገድ ነው። ዓመታቱን ተከተሉ። በ1888 ድንጋይ አቆሙ። በ1912 ቫርካላ አጠገብ ሲቫጊሪ በሚባል ኮረብታ ላይ ለዕውቀት አምላክ ስምንት ማዕዘን ያለው፣ መስኮት የበዛበት ቤት አሠሩ፤ ምግብ ማቅረብ የለም፣ ግርግር ያለበት ክብረ በዓል የለም። በ1920ዎቹ መጀመሪያ በአንድ ቦታ ምስል አቁሙልን ሲሏቸው መብራት ብቻ አቆሙ። በሌላ ቦታ ቃል ብቻ አቆሙ፦ እውነት፣ ምግባር፣ ርኅራኄ፣ ሰላም። በ1927 ደግሞ ካላቫንኮዳም በተባለ መንደር ሰዉ ተጣልቶ ጠበቃቸው። አንዱ ወገን ምስል ይቁም ይላል፣ ሌላው አይቁም ይላል። ጉሩ መስታወት አምጡ አሉ። ከመስታወቱ ጀርባ ያለው ቅብ በፊደል ቅርጽ ተፋቀ፤ ትርጉሙ ሰላም የሆነ የጸሎት ቃል ነው። እርሱን አቆሙላቸው። ለመስገድ የመጣ ሰው ቀና ሲል ማንን ያያል? ራሱን ያያል፤ ከጀርባው ቆሞ ተራ የሚጠብቀውንም ፑላያ ያያል። ሁለቱም በአንድ መስታወት ውስጥ ናቸው።

በመካከሉ በ1917 ገደማ ከእንግዲህ ቤተ መቅደስ መሥራት ይብቃ፣ ዋናው ቤተ መቅደስ ትምህርት ቤት ይሁን ብለው ነበር። እዚህ ላይ አንድ ነገር ልጠይቃችሁ። ከእናንተ መካከል በህንድ መምህር የተማረ እጁን ያውጣ። አያችሁ? የአዳራሹ ግማሽ ነው! ከቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዘመን ጀምሮ በየጠቅላይ ግዛቱ ሒሳብና ፊዚክስ ያስተማሩን ህንዶች ብዙዎቹ የመጡት ከዚህ ከኬረላ ነው። እኔን ሒሳብ ያስተማሩኝ መምህር ቤት ደብተር ላደርስ ገብቼ ግድግዳው ላይ ነጭ ለብሰው የተቀመጡ ሽማግሌ ፎቶግራፍ አየሁ። ፂማቸው የተላጨ፣ ዓይናቸው ጥልቅ፣ ትከሻቸው ቀጭን ነው። «አባትዎ ናቸው?» ብዬ ጠየቅኋቸው። መምህሬ ወንበር ስበው አስቀመጡኝና አያታቸው ዘንባባ ላይ እየወጡ ይኖሩ እንደነበር፣ በቤተ መቅደሱ ፊት ባለው መንገድ እንዳይሄዱ ተከልክለው እንደሞቱ ነገሩኝ። አባታቸው ከቤተሰቡ መጀመሪያ ፊደል የቆጠሩ ሰው ናቸው። «እኔ ደግሞ ይኸው እዚህ አልጀብራ አስተምርሃለሁ» አሉኝና ወደ ፎቶግራፉ ጠቆሙ። የናራያና ጉሩን ስም የሰማሁት እንዲያ ነው።

መምህሬ ያነሱት የዘንባባ ጉዳይ ራሱ ብዙ ይነገርበታል። ጉሩ መጠጥ መርዝ ነው፤ አትሥሩት፣ አትስጡት፣ አትጠጡት አሉ። ይህን የተናገሩት ኑሮው ከዚያ መጠጥ ለሆነው ለገዛ ወገናቸው ነው! ሰዉ «ምን እንብላ?» ቢላቸው መልስ ነበራቸው፤ ዘንባባ የምትበጡበት ቢላ ለአራት ቢከፈል አራት ምላጭ ይወጣዋል፣ በምላጭ ፀጉር አስተካክሎ ማደር ይሻላል አሉ። ይህ ከሰማይ የወረደ ስብከት አይደለም፤ ስለ ብረቱ መጠን ያሰበ ሰው ንግግር ነው።

አሁን ብዙ ተናጋሪዎች የሚዘሉትን ነገር ልናገር። በ1903 በእርሳቸው ስም ማኅበር ተቋቋመ። መሪያቸው እርሳቸው፣ ጸሐፊው ባለቅኔው ኩማራን አሳን፣ ደጋፊው ያ ሐኪም ዶክተር ፓልፑ። ማኅበሩ ብዙ በጎ ሥራ ሠራ። እያደር ግን የአንድ ወገን ማኅበር እየሆነ ሄደ፤ ታችኛውን ፑላያ ማቅረብ ሲመጣ ብዙ ኢዛቫዎች አፈገፈጉ። ጉሩ በ1916 ለዶክተር ፓልፑ ደብዳቤ ጻፉ። ማኅበሩ እኛ ሳናውቅ ስለሚወስንና የዘር ኩራት እየበዛበት ስለሄደ ከልባችንም ከቃላችንም ከሥራችንም ትተነዋል አሉ። በስማቸው የተጠራውን ማኅበር ነው! በዚያው ዓመት ዘር የለንም ብለው በአደባባይ አስነገሩ። እስቲ ልጠይቃችሁ፦ ወገኑ ሲበደል አብሮ የሚቆም መሪ ብዙ አይተናል። ወገኑ ጉልበት አግኝቶ ከእርሱ በታች ያለውን መናቅ ሲጀምር ደግሞ ጥሎት የሚወጣ መሪ ስንት አይተናል? ስንት? የእኚህን ሰው ቅድስና የምለካው በዋሻው ዓመታት አይደለም፤ በዚህች ደብዳቤ ነው።

በ1924 በአሉቫ የሁሉንም ሃይማኖቶች ጉባኤ ጠሩ። ሙስሊሙም፣ ክርስቲያኑም፣ ቡድሂስቱም ተናገረ። በመግቢያው ላይ የተጻፈው ይህ ነበር፦ ለመከራከርና ለማሸነፍ ሳይሆን ለማወቅና ለማሳወቅ። ይህን ጽሑፍ በየቴሌቪዥን ጣቢያችን በር ላይ ባየው ደስ ይለኛል።

በዚያው ዓመት በማርች መጨረሻ በቫይኮም ከተማ ትልቁ ተጋድሎ ተጀመረ። በሺቫ ቤተ መቅደሱ ዙሪያ ያሉት የሕዝብ መንገዶች ለዝቅተኞቹ ወገኖች ዝግ ናቸው። ክርስቲያንና ሙስሊም ይሄድባቸዋል፤ ሂንዱ የሆነው ኢዛቫና ፑላያ አይሄድባቸውም! በመጀመሪያው ቀን ሦስት ሰዎች ተያይዘው ወደ መንገዱ ሄዱ፤ አንድ ፑላያ፣ አንድ ኢዛቫ፣ አንድ ናየር። ፖሊስ ያዛቸው። ጉሩ ገንዘብ ሰጡ፣ በአካባቢው የነበራቸውንም ገዳም ለተጋዳዮቹ ማረፊያ ለቀቁ። በማርች 1925 ጋንዲ ሲቫጊሪ ድረስ መጥተው አነጋገሯቸው። ጋንዲ ስለ ሃይማኖት መቀየር ጠየቁ። ጉሩ ሃይማኖት የቀየሩ ሰዎች ነፃነት ሲያገኙ እየታየ፣ ሰዉ መቀየር ይበጃል ቢል አይፈረድበትም አሉ። ጋንዲ ደግሞ የማንጎውን ዛፍ አሳይተው የቅጠሎቹ መጠን እንደሚለያይ ሁሉ በሰውም መካከል ልዩነት ያለ ነው አሉ። ጉሩ የቅጠሎቹ ጭማቂ ግን ጣዕሙ አንድ ነው ብለው መለሱ። ከዚያ ጥቂት ወራት ቆይቶ ከምሥራቁ በቀር ሌሎቹ መንገዶች ተከፈቱ። የቤተ መቅደሶቹ በር ራሱ በማሃራጃው አዋጅ የተከፈተው በ1936 ነው። ጉሩ ያን አላዩትም፤ ሴፕቴምበር 20 ቀን 1928 ሲቫጊሪ ላይ አርፈዋል።

ጊዜዬ እያለቀ ነው፤ አንድ ነገር ልጨምር። በሞቱበት ዓመት መጀመሪያ፣ ኮታያም ሳሉ፣ ተከታዮቻቸው ወደ ሲቫጊሪ የሚደረግ ዓመታዊ የእግር ጉዞ ይፈቀድልን ብለው መጡ። ጉሩ ፈቀዱ። ቢጫ ልበሱ አሉ፤ ሐር ግን አትግዙ፣ ያላችሁን ነጭ ልብስ በእርድ ንከሩት። ቀጥለውም የጉዞው ዓላማ ምን እንደሆነ ጠየቁ። ወደ አንድ ቦታ ሄዶ መመለስ ብቻ ከሆነ ድካምና ወጪ ነው አሉ። ስምንት ነገር ቆጠሩላቸው፦ ትምህርት፣ ንጽሕና፣ አምልኮ፣ መደራጀት፣ እርሻ፣ ንግድ፣ የእጅ ሥራ፣ የቴክኒክ ሙያ። በእነዚህ ላይ የሚያውቁ ሰዎችን እየጠራችሁ እንዲያስተምሩ አድርጉ፣ ሕዝቡም ተቀምጦ ይስማ አሉ። ካረፉ ከጥቂት ዓመታት በኋላ አምስት ወጣቶች ቢጫ ለብሰው በእግራቸው ሄዱ። ዛሬ በየዓመቱ ዲሴምበር መጨረሻ ላይ እጅግ ብዙ ሕዝብ በቢጫ ልብስ ወደዚያ ኮረብታ ይወጣል፤ ጸሎት አድርሶ ሲጨርስ ስለ እርሻና ስለ ንግድ ትምህርት ሊሰማ ይቀመጣል።

ስላዳመጣችሁኝ አመሰግናለሁ። አሁን ጥያቄ ወይም አስተያየት ያላችሁ መድረኩ የእናንተ ነው። ቅድሚያ ለእኚህ ከኋላ እጃቸውን ላነሡት እናት፤ ማይክሮፎኑን አድርሱላቸው።